ግሡ መጨረሻ ላይ ነው

ባለፈው ዓመት ደብረ ብርሃን መናኸሪያ ቁጭ ብዬ ወደ አዲስ አበባ የሚሄድ መኪና እስኪሞላ ስጠብቅ አንድ ሽማግሌ አየሁ። ጋቢያቸውን ደርበዋል። ዱላቸውን ጉልበታቸው መሃል አቁመው አገጫቸውን አስደግፈውበታል። ሳላስበው ተነስቼ ሄድኩ። «እንደምን ዋሉ አባቴ? ጉልበትዎ ተሻለዎት?» አልኳቸው። እሳቸውም ብድግ ሊሉ ቃጣቸው። «እግዚአብሔር ይመስገን፤ አንቺስ ደህና ነሽ? ቤት ደህና? ልጆች ደህና ናቸው?» አሉኝ። ሰላምታው ረዘመ። ከዚያ ግን ዓይናቸው ፊቴ ላይ የሆነ ነገር ሲፈልግ አየሁ። የማን ልጅ እንደሆንኩ ለማስታወስ እየሞከሩ ነው። ያኔ ነው የደነገጥኩት። እኚህ ሰው አያውቁኝም። በሕይወታቸው አንድም ቀን አላዩኝም።

እኔ ግን አውቃቸዋለሁ። አራት ወር ያህል በየቀኑ ሳያቸውና ስሰማቸው ከርሜያለሁ። ትልቅ ነገር ከመናገራቸው በፊት ጉሮሯቸውን ሁለቴ ይጠርጋሉ። የሞተባቸውን በሬ በስሙ ሲጠሩ ድምፃቸው ይቀጥናል። ብርድ ሲሆን ቀኝ ጉልበታቸውን ያማቸዋል። ይህን ሁሉ ያወቅኩት አዲስ አበባ፣ መጋረጃው በተዘጋ አንድ ክፍል ውስጥ፣ ማዳመጫ አድርጌ ኮምፒውተር ፊት ተቀምጬ ነው። የዶክመንተሪ ፊልም ኤዲተር ነኝ።

«አንድ ጊዜ ሲቀረጹ የተናገሩትን ፊልም ያቀናበርኩት እኔ ነኝ፤ ከዚያ ነው የማውቅዎ» አልኳቸው። ትንሽ አሰቡ። «እንግዲህ አንቺ ታውቂኛለሽ፣ እኔ አላውቅሽም ማለት ነው» አሉኝ። ረዳቱ ጠራኝ፣ መኪናው ሞልቶ ነበር፣ ሄድኩ። ያቺ ንግግራቸው ግን እስከ ሰንዳፋ ድረስ ከጭንቅላቴ አልወጣችም። ይህን ጽሑፍ የጀመርኩትም በእሷ ምክንያት ነው።

ኤዲተር ነኝ ስል አንዳንዱ ሰው ጋዜጣ ላይ የምሠራ ይመስለዋል። እናቴ ለጎረቤት «ፊልም ትቆርጣለች» ትላለች። አማርኛው «አቀናባሪ» የሚል ቃል አለው፤ ለኔ ከሁሉም የሚሻለው እሱ ነው፣ ስቱዲዮ ውስጥ ግን በቃ ኤዲተር ነው የምንባባለው። መቁረጡ የሥራው ትንሹ ክፍል ነው። ትልቁ መስማት ነው። ሰው በሌለበት ስለ ሰውየው መወሰን ነው። የትኛው ቃሉ ይቆይ፣ የትኛው ይሂድ፣ ዝምታው ስንት ሰከንድ ይሁን፣ ስትስቅ ትታይ ወይስ ስታለቅስ። የተቀረጸችው ሴት ክፍሉ ውስጥ የለችም። የማውቃት እኔ ነኝ፣ እሷ ግን አታውቀኝም።

የጀመርኩት በ2000 ዓ.ም. ነው፣ ፒያሳ፣ አንድ የሠርግ ቪዲዮ ስቱዲዮ ውስጥ። ያኔ የምንቀርጸው ሚኒ ዲቪ በሚባለው ትንሽ ካሴት ነበር። አንዱ ካሴት 60 ደቂቃ ይይዛል። ወደ ኮምፒውተር ለማስገባት የሚፈጀውም ያው 60 ደቂቃ ነው፤ ማፍጠን የሚባል ነገር የለም። የአንድ ሰዓት ቪዲዮ ወደ 13 ጊጋባይት ቦታ ይይዛል፣ ያ ደግሞ ለስቱዲዮአችን ኮምፒውተር ከባድ ሸክም ነበር። አንዱ ሠርግ ተሠርቶ፣ ዲቪዲ ላይ ወጥቶ ካልተደመሰሰ ሌላው አይገባም። መብራት ከሄደ ደግሞ ሴቭ ያላደረግሽው ሁሉ አብሮ ይሄዳል።

ያ ዝግታ ነው ያስተማረኝ። ካሴቱ እየገባ ሌላ የምሠራው ስለሌለ ቁጭ ብዬ አያለሁ። የማላውቃቸውን ሰዎች ሠርግ፣ ከጠዋት እስከ ምሽት፣ አንድም ደቂቃ ሳይዘለል። ጥር ላይ ሠርግ ይደራረባል። ሁዳዴ ሲገባ ይቆማል። ስለዚህ የሁዳዴ 55 ቀን የኛ የኤዲቲንግ ወቅት ነበር፤ እየጾምን የሰው ድግስ እናቀናብራለን። ሙሽራዋ ከቤት ስትወጣ የእናቷ እጅ ምን እንደሚያደርግ፣ ጋቢ ለብሶ ጥግ የተቀመጠው አጎት ለምን እንደማይጨፍር፣ ሚዜዎቹ ውስጥ ማን ከማን እንደተኳረፈ፣ ይሄ ሁሉ ካሴቱ ላይ አለ። ማንም እዩት አላለኝም። እኔ ግን አየሁት። ዛሬም ድረስ የሰው እጅ ከፊቱ በፊት እውነቱን እንደሚናገር የማምነው ከዚያ ተነስቼ ነው።

አንድ ቀን የሙሽራዋ አያት ቆመው ሲመርቁ የተቀረጸ ካሴት ደረሰኝ። ረጅም ነው። «ውለዱ ክበዱ» ብለው ጀምረው ስለ ከብቱ፣ ስለ እህሉ፣ ስለ አገሩ ሰላም ሄዱ። እኔ ልጅ ነኝ፣ ቀጥሎ የሚገባው ዘፈን ደግሞ ደስ ይላል። መሃል ላይ ድምፃቸውን ዝቅ አድርጌ በሙዚቃ አለፍኩት። በሳምንቱ የሙሽራዋ ታላቅ ወንድም ዲቪዲውን ይዞ መጣ። አልተቆጣም። «እህቴ፣ ምርቃት ሳያልቅ ይቆረጣል እንዴ? አሜን ያልተባለበት ምርቃት ምን ይሆነናል?» አለኝ። ደግነቱ ካሴቱ ላይ ሌላ ሠርግ ገና አልተቀረጸበትም ነበር። ሙሉውን መለስኩት። ሦስት ደቂቃ ተኩል ነበር። ሦስት ደቂቃ ተኩል አያታቸውን ለመስማት ነው ሰውየው በዝናብ ከቤቱ ድረስ የመጣው።

ወደ ዶክመንተሪ የገባሁት በ2004 ነው። አንድ ዳይሬክተር ሃርድ ዲስክ ሰጠኝ። ውስጡ 63 ሰዓት ቀረጻ አለ። የሚፈለገው 52 ደቂቃ ነው፤ የቴሌቪዥን አንድ ሰዓት ከነማስታወቂያው ሲሰላ ለፊልሙ የሚተርፈው እሱ ነው። መጀመሪያ ላይ 63 ሰዓት ብዙ መስሎኝ ነበር። በኋላ «ሁፕ ድሪምስ» ስለሚባለው የአሜሪካ ዶክመንተሪ አነበብኩ፤ እ.ኤ.አ. በ1994 የወጣ፣ ስለ ሁለት የቺካጎ የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ልጆች የሚተርክ ነው። የተቀረጸው 250 ሰዓት ገደማ ነው። ሦስት ሰዎች ናቸው ያቀናበሩት፣ ያለቀው ፊልም ሦስት ሰዓት አይሞላም፣ ለኦስካርም የታጨው በኤዲቲንጉ ነው። ያንን ሳነብ ልቤ ተረጋጋ። የጠፋሁት እኔ ብቻ አይደለሁም ማለት ነው።

ሥራው እንዲህ ነው። የመጀመሪያዎቹን ሁለትና ሦስት ሳምንታት ምንም አልቆርጥም። አያለሁ፣ እጽፋለሁ። እያንዳንዱ ቀረጻ ሰዓት፣ ደቂቃ፣ ሰከንድና ፍሬም (ቪዲዮው የተሠራባት አንዷ ነጠላ ምስል) የሚያሳይ ቁጥር አለው፤ ደብተሬ ላይ ያንን ቁጥር እጽፍና አጠገቡ የተሰማኝን አሰፍራለሁ። «እዚህ ጋ ዋሸ።» «እዚህ ጋ ልጇ በር ላይ ቆሞ እየሰማ ነው።» «ዶሮዋ!» ለሌላ ሰው ትርጉም የለውም። ከዚያ ቃለ መጠይቁ በሙሉ በጽሑፍ ይገለበጣል። አሁን ንግግርን በራሳቸው ወደ ጽሑፍ የሚለውጡ ፕሮግራሞች መጥተዋል፤ እኔ የሞከርኳቸው የገጠር አማርኛ ላይ ሲደርሱ ይደናገራሉ፣ ስለዚህ አሁንም በእጄ ነው የምገለብጠው። ቅር አይለኝም። በእጅ የጻፍሽውን ቃል አትረሺውም። ቀጥሎ ሻካራው ቅንብር ይመጣል፤ ሦስት ሰዓት፣ አራት ሰዓት የሚረዝም፣ ዳይሬክተሩ አይቶት የሚያዝንበት። ከዚያ ሳምንት በሳምንት እያጠረ፣ እየጠራ ይሄዳል። በመጨረሻ ምስሉ ይቆለፋል። ከዚያ በኋላ አንድ ፍሬም መንካት አይቻልም፣ ምክንያቱም የድምፅና የከለር ሰዎቹ በዚያ ላይ ነው የሚሠሩት።

ቋንቋ የማላውቀው ሲሆን ሌላ ዓለም ነው። አንድ ጊዜ በአፋርኛ የተቀረጸ ፊልም ሦስት ሳምንት ከአስተርጓሚ ጋር ጎን ለጎን ተቀምጬ ሠራሁ። አንዲት ሴት ስለ ድርቁ ስታወራ ድምጿ ቀዝቀዝ ያለ ነው፤ እኔ ያዘነች መስሎኝ የሐዘን ክፍል ውስጥ አስገባኋት። አስተርጓሚው ልጅ ሳቀ። «እሷ እኮ ባሏን እያበሻቀጠችው ነው» አለኝ። ያን ቀን ማታ ሙሉውን ክፍል አፈረስኩት።

አማርኛ ላይ ግን ማንም ሳይነግረኝ ቀስ ብሎ የገባኝ አንድ ነገር አለ። በአማርኛ ግሡ መጨረሻ ላይ ነው። ሆነ አልሆነም፣ ማን አደረገው፣ መቼ፣ ሁሉም እዚያ ጫፉ ላይ ነው የሚታወቀው። «ሄጄ» ያለ ሰው ገና ምንም አላለም። «ሄጄ አላውቅም» ሊል ይችላል። «ሄጄ ነበር» ሊል ይችላል። «ሄጄ ቢሆን ኖሮ» ሊልም ይችላል። አብረውኝ የሠሩ የውጭ ዳይሬክተሮች ይሄ ይከብዳቸዋል። በእንግሊዝኛ «አይደለም» የሚለው ቀድሞ ይመጣል፤ የንግግሩን ጅራት ብትቆርጪው ሐሳቡ ብዙ ጊዜ ይተርፋል። የኛ ሰው ንግግር ጅራቱ ላይ ነው ነፍሱ። የመጨረሻዋ ፊደል እስክትወጣ መጠበቅ አለብሽ።

ትንፋሹም እንደዚያው ነው። አገራችን ሰው «አዎ» ለማለት ትንፋሹን ወደ ውስጥ ይስባል፤ ቃል የለውም፣ የምትሰማው አጭር የአየር ድምፅ ብቻ ነው። አንድ ጊዜ ድምፁን እንዲያጸዳልን ለውጭ ባለሙያ የላክነው ቃለ መጠይቅ ተመልሶ ሲመጣ ያቺ ትንፋሽ ከየቦታው ተለቅማ ጠፍታለች። ሰውየው ጫጫታ መስሎታል፣ አይፈረድበትም። ግን አስቡት። ጠያቂው «ያን ሌሊት ፈርተሽ ነበር?» ይላል። ሴትየዋ መልሳለች። አሁን ግን መልስ ነፍጋ ዝም ያለች መስላለች። በኛ ቴሌቪዥን አንድ ሰከንድ 25 ፍሬም ነው። ያቺ ትንፋሽ ስምንት ወይም ዘጠኝ ፍሬም ብትሆን ነው። እነዚያን ፍሬሞች አንድ በአንድ ከዋናው ቀረጻ አውጥቼ ለመመለስ ሁለት ቀን ፈጀብኝ።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር ልምጣ።

በ2009 ስለ ሽምግልና የሚያወራ ፊልም ሠራሁ። የዳይሬክተሩንም ገንዘቡን የሰጠውንም ድርጅት ስም አልጠራም፤ ማውሱን የተጫነው የኔ ጣት ስለነበር የምናገረው ስለ ራሴ ነው። ታሪኩ ሰሜን ሸዋ ውስጥ ነው። በእርሻ ድንበር ጠብ አንድ ወጣት ሌላውን ገድሏል። ሽማግሌዎች ገቡበት፣ ወራት ፈጀባቸው፣ ሁለቱ ቤተሰቦች ደም እንዳይመልሱ ማሉ። እውነትም ትልቅ ሥራ ነው፤ ሽማግሌዎቹን እስከ ዛሬ አከብራቸዋለሁ። ቀራጮቹ የሟችን እናትም አነጋገሩ። መደብ ላይ ተቀምጠዋል፣ እጆቻቸው ጭናቸው ላይ ናቸው። እንዲህ አሉ፦

«እነሱስ ታረቁ። ሽማግሌ የወሰነውን ማን ይጥሳል? እኔም እግዜር ፊት ቆሜ ይቅር ብዬዋለሁ ማለት ግን አልችልም።»

«ይቅር ብዬዋለሁ» ካሉ በኋላ ትንሽ ያቆማሉ። 18 ፍሬም። አንድ ሰከንድ እንኳ አይሞላም። ከዚያ ነው «ማለት ግን አልችልም» የሚመጣው።

ዳይሬክተሩ ከኋላዬ ቆሞ ነበር። «እዚህ ጋ ቁረጪው» አለኝ። ፊልሙ በተስፋ ማለቅ ነበረበት። ሐሙስ ነው፣ ማክሰኞ እናስረክባለን። «ትርጉሙ ይገለበጣል እኮ» አልኩት። «እሳቸውም ልባቸው እዚያው ነው፣ ጊዜ ነው የሚፈልጉት» አለኝ። አመንኩት ማለት አልችልም። ግን ቆረጥኩት። በ18ቱ ፍሬሞች መሃል። ከኋላው ፀሐይ ስትወጣ የሚያሳይ ሾት አስከተልኩበት፣ ክራር አስገባሁበት። ያለኝን ችሎታ ሁሉ ነው ያፈሰስኩበት፤ መገጣጠሚያው በዓይንም በጆሮም አይታወቅም። ፊልሙ በታየበት አዳራሽ ሰው አለቀሰ። ተጨበጨበ። ስሜ ስክሪኑ ላይ ሲወጣ እኔም ደስ አለኝ።

ከስድስት ወር በኋላ ስልኬ ጠራ። የሟቹ እናት፣ እማማ ነበሩ። ቁጥሬን ቀራጮቹን ከአገሬው ጋር ካገናኘው ልጅ አግኝተውታል። ፊልሙን የጎረቤት ልጅ በስልኩ አሳይቷቸዋል። አልጮሁም። «ልጄ፣ ድምፁ የኔ ነው። ነገሩ ግን የኔ አይደለም» አሉኝ። ታናሹ ልጃቸው ከቤት ወጥቶ ሄዷል። «የወንድሜን ደም በቴሌቪዥን ሸጥሽው» ብሏቸው ነው የሄደው። እሳቸው እንዳላሉ ነግረውታል፤ እሱ ግን በጆሮው ሰምቷቸዋል፣ በዓይኑ አይቷቸዋል። ማን ያምናቸዋል? ይቅርታ ጠየቅኩ። ፊልሙን አስረክበነዋል፣ ተሰራጭቷል፣ ከኔ እጅ ወጥቷል። ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ለረጅም ጊዜ የስቱዲዮውን መብራት ሳላበራ ተቀመጥኩ።

ያን ሰሞን ነው ስለ መስከረም 1 ቀን 1967 ማንበብ የጀመርኩት። ታሪኩን ብዙ ሰው ያውቀዋል፤ እኔ ግን እንደ ኤዲተር ልየው ፈለግኩ። ጆናታን ዲምብልቢ የተባለው የእንግሊዝ ጋዜጠኛ የወሎን ረሃብ ቀርጾ ጥቅምት 1966 ላይ በአገሩ ቴሌቪዥን አሳየ። ዓለም ደነገጠ፣ ብዙ እርዳታ ተሰበሰበ። በዓመቱ፣ በእንቁጣጣሽ ዕለት ምሽት፣ ያ ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። ግን እንደነበረ አልቀረበም። በረሃብተኞቹ መሃል መሃል የቤተ መንግሥት ድግስ፣ ሻምፓኝ፣ ንጉሡ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ የሚያሳዩ ቀረጻዎች ገቡበት። በማግስቱ መስከረም 2 ጠዋት ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወርደው በቮልስዋገን ተወሰዱ። አጎቴ ያን ምሽት ካዛንቺስ አንድ ቡና ቤት ውስጥ ቆሞ ነው ያየው። «ማንም አልተነፈሰም፤ ቢራውን የጨረሰ ሰው አልነበረም» ይለኛል።

ረሃቡ እውነት ነበር። ድግሱም እውነት ነበር። አንድም የተፈጠረ ምስል የለም። አዲሱ ነገር መገጣጠሙ ብቻ ነው። በሩሲያ ሌቭ ኩሌሾቭ የተባለ ፊልም ሠሪ ይህንን ከመቶ ዓመት በፊት ገደማ በሙከራ አሳይቷል፤ የአንድን ተዋናይ ያው አንድ ፊት ከሾርባ ሳህን ጋር ሲያጋጥመው ተመልካች ራበው ይላል፣ ከሬሳ ሣጥን ጋር ሲያጋጥመው አዘነ ይላል። ፊቱ አልተለወጠም። የእንቁጣጣሽ ምሽቱን ቅንብር ብዙዎች እንደ ውሸት ያወሩታል። ለኔ ውሸት አይደለም፤ ረሃቡ ተደብቆ ነበር፣ ድግሱም ተደግሶ ነበር። የሚቆረቁረኝ ሌላ ነገር ነው። የወሎ ሰዎች ፊታቸውን ለካሜራ የሰጡት እህል እንዲመጣላቸው ነው። ዙፋን እንዲገለብጡ የጠየቃቸው የለም። ከ10 ዓመት በኋላ፣ መስከረም 1977፣ ንጉሡን ያወረደው የደርግ መንግሥት የአብዮቱን 10ኛ ዓመት በድምቀት ሲያከብር ወሎና ትግራይ እንደገና እየተራቡ ነበር። ያኔ ድግሱን ከረሃቡ ጋር የሚያጋጥም ኤዲተር በቴሌቪዥን ጣቢያው አልተገኘም።

ከዚያም ወደ ኋላ ስሄድ ኤስፊር ሹብን አገኘኋት። ሩሲያዊት ናት፣ ኤዲተር ናት። እ.ኤ.አ. በ1927 ከድሮ የዜና ፊልሞችና ከዛሩ፣ ማለትም ከሩሲያው ንጉሥ፣ ቤተሰብ የግል ቀረጻዎች ብቻ ስለዚያ ንጉሣዊ ቤተሰብ፣ ስለ ሮማኖቮች ውድቀት አንድ ሙሉ ፊልም ሠራች። እዚያ ውስጥ መኳንንቱ መርከብ ላይ እስኪያልባቸው ሲጨፍሩ ታሳይና ወዲያው ላባቸው እየተንጠፈጠፈ የሚሠሩ ሰዎችን ታስከትላለች። ያው መገጣጠም ነው፣ ከእንቁጣጣሹ ምሽት 47 ዓመት ቀድሞ። ከሁለት ዓመት በኋላ ደግሞ ኤሊዛቬታ ስቪሎቫ አለች፤ ባሏ ዚጋ ቬርቶቭ በሠራው ፊልም ውስጥ እሷ ራሷ ጠረጴዛዋ ላይ ተቀምጣ ፊልም ስትቆርጥና ስታጣብቅ ትታያለች። ያንን ክፍል ስንት ጊዜ እንዳየሁት እኔ ነኝ የማውቀው። ሴት ኤዲተር፣ እጇ ላይ የሕፃናት ፊት ያለበት ፊልም፣ ከመቶ ዓመት በፊት ገደማ። ስቱዲዮ ስገባ ብዙ ጊዜ ብቸኛዋ ሴት እኔ ስለነበርኩ እሷን ማየት እንደ ዘመድ ማግኘት ነበር።

ያስተማረችኝ ግን ሻርሎት ዝዌሪን ናት። አሜሪካዊት ኤዲተር ነበረች፣ ከዶክመንተሪ ሠሪዎቹ ከሜይዝልስ ወንድማማቾች ጋር ትሠራ ነበር፣ በዳይሬክተርነት ስሟ ከነሱ ጋር እኩል ተጽፏል፤ ለኤዲተር ይሄ ብርቅ ነው። እ.ኤ.አ. በ1970 በወጣው «ጊሚ ሼልተር» ውስጥ ሮሊንግ ስቶንስ በተባለው የእንግሊዝ ሮክ ባንድ ኮንሰርት ላይ አንድ ወጣት ሲገደል ካሜራው ይዞታል። እሷ ምን አሰበች? ዘፋኞቹ ኤዲቲንግ ጠረጴዛው ጋ መጥተው ቀረጻውን ይዩት፣ ሲያዩትም ይቀረጹ አለች። የባንዱ ዘፋኝ ሚክ ጃገር ተቀምጦ ያያል። ምስሉ ወደ ኋላ ይመለሳል፣ ይቆማል፣ እንደገና ይሄዳል። የተቀረጸው ሰው መጋረጃው ወደተዘጋው ክፍል ገባ ማለት ነው። እኔን የነካኝ እሱ ነው።

ከዚያ ወዲህ ምስሉ ከመቆለፉ በፊት የተቀረጹት ሰዎች የራሳቸውን ክፍል እንዲያዩ እጠይቃለሁ። ላፕቶፕ ይዤ ወይ እሄዳለሁ ወይ እልካለሁ። ሁሉም ዳይሬክተር አይወደውም። ሰዎቹ ፊልሙን ያበላሹታል ብለው የሚፈሩ አሉ፤ በዚህ ምክንያት ሁለት ሥራ አምልጦኛል። እውነት ለመናገር ሰዎቹ የሚጠይቁት ጥቂት ነው። አንዱ የሚስቱ ስም በትክክል እንዲጻፍ ብቻ ነው የጠየቀኝ። አንዲት ልጅ ራሷን እየደጋገመች አይታ ምንም ሳትል አቀፈችኝ። ይዘቱን ቀይሪልኝ ያለኝ ባለሥልጣን ነበር፤ የሱን አልቀየርኩም። ሥልጣን ያለው ሰው ሌላ ፊልም ማሠራት ይችላል። እማማ አይችሉም። ልዩነቱ ለኔ ግልጽ ነው።

ስለ ሥራው ሌላ የሚጠየቅ ነገር ካለ በአጭሩ ልበለው። ወገብ ያማል። ዓይን ይደርቃል። ክፍያ ብዙ ጊዜ ፊልሙ ካለቀ በኋላ ወራት ይቆያል፣ ስለዚህ ግማሹን ሳልቀበል አሁን ሥራ አልጀምርም። ቀረጻውን ሁለት ሃርድ ዲስክ ላይ፣ ሁለት ቤት ውስጥ አስቀምጡ። ይሄኛውን ለሚጀምሩ ልጆች ሁሉ እነግራለሁ፣ ምክንያቱም ከታች የምጽፈው ነገር የተቻለው በሁለተኛው ሃርድ ዲስክ ነው።

ደብረ ብርሃን የሄድኩት እማማን ላገኝ ነበር። ስምንት ዓመት ሊሞላው ነው። በየበዓሉ እደውልላቸው ነበር፣ ፊት ለፊት ግን አልተያየንም። የድሮውን ቀረጻ ቤቴ ካስቀመጥኩት ሃርድ ዲስክ አውጥቼ የእሳቸውን ክፍል እንደገና አቀናበርኩት። ፀሐይዋን አወጣሁ። ክራሩን አወጣሁ። ከመደቡ፣ ከእጆቻቸውና ከሙሉው ንግግር በቀር ምንም የለበትም። ከደብረ ብርሃን በባጃጅ፣ ከዚያ በእግር ነው የሚደረሰው። ታናሹ ልጃቸው ተመልሷል፤ ግቢ ውስጥ እንጨት እየፈለጠ ነበር። ሰላም አለኝ። ቤት ግን አልገባም።

እማማ ከጠበቅኳቸው ያንሳሉ። ስክሪን ላይ ትልቅ ነበሩ። ላፕቶፑን በርጩማ ላይ አስቀምጬ ከፈትኩላቸው። የራሳቸውን ፊት አዩ፣ ነጠላቸውን አስተካከሉ። ስክሪኑ ላይ «ይቅር ብዬዋለሁ» ብለው ቆም አሉ፤ 18ቱ ፍሬሞች አለፉ። «ማለት ግን አልችልም።» ውጭ የእንጨት ፍለጣው ቆሞ ነበር። ልጁ እየሰማ እንደሆነ አወቅኩ።

«እንዲህ ነው ያልኩት» አሉ።

ዝም አልን። እኔ ያን ያህል መንገድ የመጣሁት ለዚያች ቃል ስለነበር ጉዳዩ ያለቀ መስሎኝ ነበር። እሳቸው ግን ዓይናቸውን ከስክሪኑ አላነሱም።

«ከዚያ በኋላ ያልኩትስ?» አሉኝ።

ቀረጻው እዚያ ነው የሚያበቃው። «አልችልም» ካሉ በኋላ አንድ የወንድ ድምፅ «እናመሰግናለን እማማ» ይላል፣ ምስሉ ይናወጣል፣ ይጠፋል። 63 ጊዜ አይቼው ይሆናል። አንድም ቀን ያልጨረሱ መስሎኝ አያውቅም፤ ግሡ ደርሷል፣ ንግግሩ ተዘግቷል ብዬ ነበር የማምነው። ይህንኑ ነገርኳቸው። ቀረጻው ያለው እስከዚህ ብቻ ነው አልኳቸው።

«ቀራጩ ልጅ ዕቃውን ማጠፍ ጀመረ። እኔ ገና እያወራሁ ነበር» አሉ።

ከዚያ ከሰሉን አራገቡና ጀበናውን ጣዱ። ላፕቶፑን ዘጋሁት። ከአቦሉ ጀምረው ቡናው በረካ እስኪደርስ ነገሩኝ። ልጃቸው መሃል ላይ ገብቶ በሩ አጠገብ ተቀመጠ። ካሜራ አልያዝኩም ነበር፤ ስልኬንም ከቦርሳዬ አላወጣሁም።